ንድፍ ከእይታ

ንድፍ ከእይታ፦ ፎቶግራፍ ወይም ሌላ ሥዕል ሳይገለብጡ፣ ፊት ለፊት ያለን ዕቃ እያዩ በእርሳስ ወይም በከሰል የመሳል ልምምድ። በኢትዮጵያ የቤተ ክርስቲያን ሠዓሊዎች ሙያውን በአመዛኙ ከቀደሙ ሥዕሎች ይማሩ ነበር። ከእይታ መንደፍ መደበኛ ትምህርት የሆነው በቺካጎ የተማሩት ሠዓሊ አለ ፈለገ ሰላም በ1950 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ባቋቋሙት የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ነው።

ለጀማሪ የቤት ዕቃ ይበቃዋል። ለምሳሌ በመካነ ሰላም ከተማና በምዕራብ ደቡብ ወሎ ደጋ ጀበና፣ ስኒና መሶብ ጥሩ መለማመጃ ናቸው። ተማሪው ጀበናውን መስኮት አጠገብ ያስቀምጣል፤ ክንዱን ዘርግቶ፣ አንድ ዓይኑን ጨፍኖ፣ የጀበናውን አንገት ርዝመት ከሆዱ ስፋት ጋር በእርሳሱ ያመዛዝናል። ክብ የሆነው የስኒ አፍ በሰያፍ ሲታይ ሞላላ ይመስላል። የትምህርቱ ፍሬም ይኸው ነው፦ አእምሮ የሚያውቀውን ትቶ ዓይን የሚያየውን መሳል።