እንግዳ ሠራተኛው በፋስቢንደር ዓይን

በ1968 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ.) ሙኒክ ውስጥ በአንድ ትንሽ ቴያትር ቤት «ካትሰልማኸር» የተሰኘ አጭር ተውኔት ታየ። ቃሉ ባቫሪያውያን ከደቡብ የመጣን ባዕድ የሚያንቋሽሹበት ስድብ ነው። ጸሐፊው ራይነር ቨርነር ፋስቢንደር ገና 22 ዓመቱ ነበር። በቀጣዩ ዓመት ተውኔቱን ፊልም ሲያደርገው የሚሰደበውንና የሚደበደበውን ግሪካዊ ሠራተኛ ሆኖ የተጫወተው ራሱ ነው።

ምዕራብ ጀርመን በዚያ ዘመን ፋብሪካዎቿ በዝተው ሠራተኛ አጥሯት ነበር። በ1955 ከጣሊያን፣ በ1960 ከግሪክ፣ በ1961 ከቱርክ፣ በ1963 ከሞሮኮ ጋር ተዋዋለች። የመጡትንም «እንግዳ ሠራተኞች» አለቻቸው። እንግዳ ደግሞ ውሎ አድሮ ይሄዳል ተብሎ ነው የሚጠበቀው።

ፋስቢንደር በ1973 በሁለት ሳምንት ገደማ የቀረጸው ፊልም የዚያ ዘመን ትልቁ ምስክር ነው። ርዕሱ የተወሰደው ከዋናው ገጸ ባሕርይ ከአሊ የተሰባበረ ጀርመንኛ ነው፤ በእኛ ቋንቋ «ፍርሃት ነፍስ መብላት» እንደማለት። ደራሲው ሰዋስዉን አላቃናለትም።

አሊ ሞሮኮአዊ መካኒክ፣ ኤሚ ዕድሜዋ የገፋ የጽዳት ሠራተኛ ናት። ሲጋቡ ልጇ ቴሌቪዥኗን በእርግጫ ሰበረው፤ ባለሱቁም የአሊ ጀርመንኛ አይገባኝም ብሎ አልሸጥለት አለ። ቆይቶ ግን ባለሱቁ ደንበኛ፣ ልጇ ሕፃኑን የሚይዝለት፣ ጎረቤቶቿም ዕቃ ማስቀመጫ ሲፈልጉ ሁሉም ፈገግታ አመጡ። ጥላቻው አልጠፋም፤ ጥቅም ሸፈነው እንጂ።

ከሁሉ የሚያምመው ቀጥሎ የሚመጣው ነው። ስለ ፍቅሯ ያን ሁሉ የቻለችው ኤሚ ራሷ፣ አሊ ኩስኩስ ሲያምረው አልሠራም አለችው፤ ለባልደረቦቿም ጡንቻውን እያስነካች አሳየችው። ፋስቢንደር ክፋትን ለክፉዎች ብቻ አልተወም፤ በሚወዱንም ውስጥ አሳየን።

እሱም ከነቀፋ አላመለጠም። በ1975 የጻፈው አንድ ተውኔት አይሁዳዊ ባለሀብትን በሣለበት መንገድ ፀረ-አይሁድ ተባለ፤ በ1985 ፍራንክፈርት ላይ ሊታይ ሲል የከተማዋ አይሁዳውያን መድረኩን ይዘው አስቆሙት። ቁጣቸው በቂ ምክንያት ነበረው።

በአሊ ፊልም ማብቂያ ሐኪሙ ለኤሚ የሚነግራት አጭር ነው። አሊን የጣለው የጨጓራ ቁስል ነው፤ በእንግዳ ሠራተኞች ላይ የሚበዛ በሽታ ነው፤ ቢታከምም ከስድስት ወር በኋላ ይመለሳል። ፊልሙ በ1974 በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ የዓለም አቀፍ ሐያስያንን ሽልማት አገኘ። ጀርመን ግን ፊልሙ ገና ሳይታይ፣ በኅዳር 1973፣ ሠራተኛ መቀበሏን አቁማ ነበር።