የአባት ስምና የቤተሰብ ስም፦ ከአታት እስከ አየርላንድ

በጉራጌ ዞን በምትገኘው አታት፣ የዮሐንስ ወልዴ ልጅ «ማርታ ዮሐንስ» ተብላ ትጠራለች፤ ወልዴ የአያቷ ስም ነው። የእንግሊዙ «ጆን»፣ የአየርላንዱ «ሾን» እና ዮሐንስ ምንጫቸው አንድ የዕብራይስጥ ስም ሲሆን፣ ትርጉሙም «እግዚአብሔር ጸጋ ሰጪ ነው» ማለት ነው። «ጆንሰን» የጆን ልጅ፣ በአየርላንድ ስሞች መነሻ ላይ የሚገባው «ማክ» ልጅ፣ «ኦ» ደግሞ የልጅ ልጅ ማለት ነው።

ልዩነቱ እነዚህ መጠሪያዎች በዘመናት ሂደት ቋሚ የቤተሰብ ስም ሆነው መቅረታቸው ነው። በኢትዮጵያ ግን የአባት ስም በየትውልዱ ይለወጣል፤ ሴትም ስታገባ የአባቷን ስም አትተውም። በዚህም የተነሳ ባሕር ማዶ ሲመዘገቡ ዮሐንስ የ«ወልዴ»፣ ማርታ ደግሞ የ«ዮሐንስ» ቤተሰብ አባል መስለው ይታያሉ፤ ያን ጊዜ ዝምድናቸውን የሚያስረዳላቸው የልደት ምስክር ወረቀት ነው።