አብሱማ

ከአዋሽ ሰባት እስከ ሰመራ ባለው የአፋር ምድር «አብሱማ» ማለት አንድ ወንድ በቅድሚያ እንዲያገባት ባህሉ የሚያጭለት የአባቱ እህት ልጅ ናት። ጋብቻውም በዚሁ ስም ይጠራል። ሰባት ቤት ቆጥሮ የሚጋባው ደገኛ ይህን ሲሰማ «ደም ይበላሻል» ማለቱ አይቀርም። አይበላሽም። የዘመዳሞች ጋብቻ አዲስ በሽታ አይፈጥርም፤ የተሸሸገውን ያወጣዋል እንጂ። ማናችንም ብንሆን ከአንድ ወላጅ ብቻ ሲወረሱ ጉዳታቸው የማይታይ ጥቂት እንከን ያለባቸው ዘረ መሎች እንሸከማለን። የአክስትና የአጎት ልጆች ሲጋቡ ልጃቸው ለአንድ ዘረ መል ከሁለቱ የጋራ ቅድመ አያቶቹ ከአንዳቸው የመጣውን ያንኑ ቅጂ በእናቱም በአባቱም በኩል የመውረስ ዕድሉ ከ16 አንድ ነው። እንከኑ በሁለቱም በኩል ሲገጥም አንዳንዴ መስማት አለመቻል፣ አንዳንዴም ሌላ ከባድ ሕመም ይከተላል።

ጎሳ በአባት ስለሚቆጠር የአክስት ልጅ የሌላ ጎሳ ልትሆን ትችላለች፤ ታዲያ ምን ዝምድና አለ? የሚል ይኖራል። ዘረ መል ግን የጎሳ ስም አይጠይቅም፤ የባልና ሚስቱ የጋራ አያቶች እነዚያው ናቸው። «አባቶቻችን እንዲህ ተጋብተው ጤነኛ ወለዱ» የሚለው ሙግት ይበልጥ ይከብዳል፣ እውነትም አለበት። በሌላው ሕዝብ ከ100 ሕፃናት 2 ወይም 3 ከእክል ጋር ቢወለዱ፣ በአክስትና አጎት ልጆች ጋብቻ ቁጥሩ በግምት እጥፍ ይሆናል፤ ብዙዎቹ ደህና ናቸው ማለት ነው። የሚያሳስበው ድግግሞሹ ነው፤ አብሱማ በአብሱማ ላይ ትውልድ ሲቆጥር ባልና ሚስቱ በብዙ መንገድ ስለሚዛመዱ ከ16 አንድ የሚለው ስሌት ከእውነተኛው ዕድል ያንሳል። ስለዚህ ተመሳሳይ ሕመም ያለበት ልጅ ሁለት ጊዜ የተወለደበት ቤተሰብ፣ ቀጣዩን ጥሎሽ ከመቁረጡ በፊት ሐኪም ቢያማክር ይሻለዋል።