ንቅሳት፦ ጥበቡና ንጽሕናው

በሀገራችን ደጋማ ክፍሎች በአንገት ላይ እንደ ድሪ የተደረደረ፣ በግንባር ላይ በመስቀል ቅርጽ የተሣለ ወይም ድድን ያጠቆረ ንቅሳት ለማንም እንግዳ አይደለም። ለውበት የተነቀሰች አለች፤ ለሃይማኖት ምልክት ያደረገችው አለች፤ ከቡዳ ዓይን ይጠብቃል ተብሎ በልጅነቷ የተነቀሰችም አለች። ስለ ጌጡ ትርጉም ብዙ ተብሏል። ጌጡ በምን እንደ ተሠራና ቁስሉ እንዴት እንደ ዳነ የጠየቀ ግን ጥቂት ነው። ሆኖም የንቅሳት ታሪክ ከመርፌው፣ ከቀለሙና ከቁስሉ ታሪክ ተለይቶ ሊታይ አይችልም።

በባህላዊው አሠራር ቀለሙ ከኩራዝ ወይም ከማሰሮ ቂጥ የተሰበሰበ ጥላሸት ነበር፤ እርሱም በቅጠል ጭማቂ ይለወሳል። ነቃሿ በእሾህ ወይም በአንድነት በታሰሩ መርፌዎች ቆዳውን እየወጋች ጥላሸቱን ታሰርገዋለች። የላይኛው ቆዳ ሁልጊዜ እየተላጠ ይታደሳል፤ ጥላሸቱ ግን ከሥሩ ካለው ቆዳ ስለሚደርስ አይለቅም። በዚያ ያሉት የሰውነት ተከላካይ ሕዋሳት ባዕዱን ነገር ይውጡታል፤ ሊያስወግዱት ስለማይችሉ ይዘውት ይኖራሉ። የቀለሙ ንጽሕና የዕድሜ ልክ ጉዳይ የሚሆነውም በዚህ ምክንያት ነው።

ዘዴው የእኛ ብቻ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1991 በኢጣሊያና በኦስትሪያ ወሰን ከበረዶ ውስጥ የተገኘውና ከ5,000 ዓመታት በፊት የሞተው ሰው በገላው ላይ 61 ንቅሳት ተቆጥሮበታል። ጥላሸት በየምድጃው የሚገኝ ነውና ለቀለሙ ገንዘብ አላስፈለገም።

ከሁሉ የከፋው ጉዳት የመጣው ከመርፌው ነው። አንድ መርፌ ሳይጸዳ ከአንዷ ልጃገረድ ወደ ሌላዪቱ ሲተላለፍ ደም አብሮ ይተላለፋል። በኢንዱስትሪ በበለጸጉት ከተሞችም ሁኔታው የተሻለ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1870ዎቹ በአሜሪካ በፊላዴልፊያ አንድ ነቃሽ መርፌውን በምራቁ እያራሰ ሰዎችን ቂጥኝ እንዳስያዘ ሐኪሞች ጽፈዋል። በ1879 ፈረንሳዊው ሻርል ሻምበርላን በታመቀ እንፋሎት ጀርም የሚገድል መሣሪያ ሠራ። በ1891 ደግሞ ሳሙኤል ኦራይሊ የኤዲሰንን የኤሌክትሪክ ብዕር መሠረት አድርጎ የመንቀሻ መኪና በኒው ዮርክ አስመዘገበ። መኪናው ሥራውን አፋጠነ እንጂ መርፌውን አላጸዳም። የኒው ዮርክ ከተማ የጉበት በሽታን ምክንያት አድርጋ በ1961 ንቅሳትን ከለከለች፤ ክልከላውም የተነሣው በ1997 ነው።

በሀገራችን እ.ኤ.አ. በ1986 የመጀመሪያዎቹ የኤድስ ሕሙማን ከታወቁ ወዲህ ምላጭና መርፌ በጋራ መጠቀም አደገኛ መሆኑ ለሰፊው ሕዝብ ተነገረ። ትምህርቱ ትክክል ነበር። ነገር ግን መርፌውን ከማውገዝ አልፎ የተነቀሰችውን ሴት እንደ ኋላ ቀር ወደ መቁጠር ያዘነበለ ሰው አልታጣም። ጥፋቱ የቆሸሸው መርፌ ሆኖ ሳለ ግንባሯን በሻሽ የሸፈነችው ባለ ንቅሳቷ ሆነች።

ዛሬ የከተማ ወጣት በመኪና ይነቀሳል፤ ቀለሙም በጥላሸት ብቻ አልተወሰነም። ቀድሞ ለቀይ የሜርኩሪ፣ ለቢጫ የካድሚየም ውሕዶች ያገለግሉ ነበር፤ አሁንም ቀይ ቀለም ከሌሎች ይልቅ ቆዳን ያሳክካል፣ ያሳብጣል። የአውሮፓ ኅብረት ከጥር 2022 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በንቅሳት ቀለም ውስጥ ከ4,000 የሚበልጡ ኬሚካሎችን ከልክሏል ወይም ገድቧል። በ2011 በኒው ዮርክ ግዛት በሮቸስተር ከተማ 19 ሰዎች ከንቅሳት በኋላ ቆዳቸው በተሕዋስያን ተመረዘ፤ ምንጩም ነቃሹ ጋ ሳይደርስ የተበከለ ቀለም ነበር። እንግዲህ አዲስ ብልቃጥ ብቻውን የንጽሕና ዋስትና አይሆንም።

ነቃሽ እጁን ታጥቦ ጓንት ያጥልቅ፤ መርፌውን ከታሸገበት በተነቃሹ ፊት ይክፈት፤ ቀለሙን ለአንድ ሰው በሚበቃ መጠን ቀድቶ ትራፊውን ይድፋ፤ በቧንቧ ውኃም አያቅጥን። ተነቃሹ ንቅሳቱ ቁስል መሆኑን አይዘንጋ። በንጹሕ ውኃና በለስላሳ ሳሙና ይጠበው፤ ሳያሽ ያድርቀው፤ ስስ ቅባት ይቀባው። ቅርፊቱን አይላጥ፤ እስኪድንም ከፀሐይና ከዋና ይጠብቀው። የላይኛው ቆዳ ብዙውን ጊዜ ከ2 እስከ 4 ሳምንት ይድናል። ቅላቱ ከሰፋ፣ መግል ከቋጠረ ወይም ትኩሳት ከመጣ ቅጠልና ቅቤ መደረብ ትቶ ወደ ጤና ጣቢያ ይሂድ።

ሠዓሊው የእናቶችን የንቅሳት ሐረግ ባለቤቶቹን አስፈቅዶ በወረቀትና በሸራ ይመዝግብ፤ መምህሩ በክፍሉ ስለ መርፌው አደጋ ሲያስተምር ባለ ንቅሳቷን እናት አያሳፍር። ልማዱን ከጉዳቱ መለየት የሚቻለው ሁለቱ ሥራዎች ጎን ለጎን ሲሄዱ ነው።