አዝማሪው፣ ወንዙና ልጆቹ
(ስለ ከበደ ሚካኤል «ታሪክና ምሳሌ»)

ሱሉልታ ላይ ክረምቱ ሲበረታ ሜዳው ውሃ ይተኛበታል። ከትምህርት ቤት ስንመለስ ወንዙ ሞልቶ ካገኘነው እስኪጎድል ድረስ ዳር ላይ ቁጭ ነው። አንድ ቀን አባቴ ሊቀበለኝ መጥቶ ማዶና ማዶ ቆመን ሳለ፣ በልጅነቱ የተማረውን የአዝማሪውንና የውሃ ሙላቱን ግጥም ጮክ ብሎ በቃሉ ወጣልኝ። ከበደ ሚካኤልን መጀመሪያ ያወቅኋቸው በመጽሐፍ ሳይሆን እንዲህ በአባቴ ድምፅ ነው።

ከበደ በ1909 ዓ.ም. በሰሜን ሸዋ ተወለዱ። የቤተ ክህነት ትምህርት ቀምሰው ፈረንሳይኛ ተማሩ። ከጠላት ወረራ በኋላ በትምህርት ሚኒስቴር ሠሩ፤ የብሔራዊ ቤተ መጻሕፍትም ኃላፊ ሆኑ። «የትንቢት ቀጠሮ»ን የመሰለ ተውኔት ጻፉ፣ የሼክስፒርን ሮሜዎና ዡልየት ወደ አማርኛ መለሱ፣ ጃፓን እንዴት እንደሠለጠነች መረመሩ። በ1950ዎቹ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴን ሽልማት ተቀበሉ፤ በ1991 ዓ.ም. አረፉ። ይህን ሁሉ ሠርተው ሕዝቡ ዘንድ ስማቸውን የተከለው ግን ለትምህርት ቤት ልጆች የጻፉት «ታሪክና ምሳሌ» ነው።

ለምን? አንደኛ፣ ቋንቋው ቀላል ነው። ያ ዘመን ቅኔውን ያወሳሰበ ሊቅ የሚባልበት ነበር፤ እሳቸው ግን ግጥሙን ሕፃን እንዲይዘው አድርገው ሰጡት። ሁለተኛ፣ ከአውሮፓ ተረቶች ብዙ ቢወስዱም በአገራችን አነጋገር ቀድተው አቀረቡት። የፈረንጅ ተረት መሆኑን ማን ልብ አለው?

ይሁን እንጂ ውዳሴ ብቻ አይበቃም፤ ሂስም ያስፈልጋል። በነዚያ ምሳሌዎች ውስጥ ጥፋቱ ብዙውን ጊዜ የግለሰቡ ነው፤ ሞኙ፣ ስግብግቡ፣ ውለታ ቢሱ ይወቀሳል። ሥርዓቱስ? አያቴ እዚሁ ሱሉልታ እስከ የካቲት 1967ቱ የመሬት አዋጅ ድረስ ጭሰኛ ነበር። እሱ የደኸየው ሰንፎ ነው እንዴ? ይህን ጥያቄ መጽሐፉ ለልጁ አላነሳለትም።

ግን መጽሐፍ ከደራሲው እጅ ከወጣ በኋላ የአንባቢው ነው። አዝማሪው የሞላ ወንዝ ዳር ቆሞ እንዲያሳልፈው በመሰንቆ ያወድሰዋል፤ የተወደሰው ውሃ ግን አልፎ ሄዷል፣ የሚመጣውም ሌላ ነው፣ አይሰማም። በ1957 ዓ.ም. «መሬት ለአራሹ» ብለው ሰልፍ ከወጡት ተማሪዎች መካከል በዚህ መጽሐፍ ፊደል የቆጠሩ አይጠፉም። ወንዝን በልመና ማቆም እንደማይቻል ከዚያው የተማሩ ይመስለኛል። ከበደ ይህን አስበው ጻፉ አልልም፤ ግጥሙ ግን ይህንንም መሸከም ይችላል።

ሌላም የሚቆረቁረኝ ነገር አለ። እኛ ቤት ማታ ማታ ተረት የሚጀመረው «ዱሪ ዱሪ» ተብሎ በኦሮምኛ ነበር፤ ትምህርት ቤት «ተረት ተረት» ሲባል «የላም በረት» ማለቱን የለመድኩት በኋላ ነው። ሰበታም ሆነ ቡራዩ ያደገ ጓደኛዬ ይህንኑ ይነግረኛል። የአያቴ ባለቤት፣ እማማ፣ የምትተርተው የጅብና የቀበሮ ተረት ከፈረንጁ በምን ያንሳል? ልዩነቱ ያኛውን ወስዶ የሚጽፍ ከበደ ሚካኤል ማግኘቱ ነው።

ስለዚህ እሳቸውን ማክበር ማለት ስማቸውን ማሞገስ ብቻ አይደለም፤ ያደረጉትን ማድረግ ነው። ባለፈው እረፍት ደብተር ይዤ እማማ አጠገብ ተቀመጥኩ። ሦስት ተረት ጻፍኩ፤ አራተኛው ላይ እንቅልፍ ወሰዳት። ዘንድሮ ሰማንያ አልፏታል። እናንተስ፣ ቤታችሁ ያለችው ባለ ተረት ስንት ዓመቷ ነው? ወንዙ እንደሆነ ቆሞ አይጠብቅም።