ርካሽ ፊልም፣ ውድ ነጻነት፦ ስለ ኮጂ ዋካማትሱ የሥራ ዘመን



የዛሬው ርእሴ ለዩኒቨርሲቲ አዳራሽ የማይመጥን የሚመስላችሁ ትኖሩ ይሆናል። የታሪክ ባለሙያ ግን የተከበረውን ብቻ መርጦ ካጠና ያለፈውን ዘመን በአንድ ዓይኑ ብቻ ያያል። ስለዚህ ስለ ጃፓናዊው የፊልም ዳይሬክተር ስለ ኮጂ ዋካማትሱ እናገራለሁ። ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

አስቀድሜ ገበያውን ላስረዳ። በ1958 በጃፓን ከ1.1 ቢሊዮን በላይ የሲኒማ ቲኬት ተሸጦ ነበር፤ ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ግን ቁጥሩ በ1963 ከግማሽ በታች ወረደ። ታላላቆቹ ስቱዲዮዎች ሲንገዳገዱ፣ ትንንሽ ኩባንያዎች ቴሌቪዥን የማያሳየውን የወሲብ ትዕይንት የያዙ ፊልሞችን በ3 ሚሊዮን የን ገደማ መሥራት ጀመሩ። ዘርፉ «ፒንክ ፊልም» ተባለ። የሚጠበቀው የእርቃን ትዕይንት እስካለ ድረስ፣ ስለ ቀረው ታሪክ ባለገንዘቡ እምብዛም አይጠይቅም ነበር።

ዋካማትሱ የገባው በዚህ በር ነው። በ1936 በሚያጊ ከገበሬ ቤተሰብ ተወለደ፤ ትምህርቱን አቋርጦ ቶኪዮ ገባ፤ በጉልበት ሥራ ኖረ፤ ከወሮበሎች ጋር ውሎ ታሰረ። በ1963 ፊልም ማዘጋጀት ጀመረ። በ1965 «ከግድግዳው ጀርባ ያሉ ምስጢሮች» የተሰኘው ፊልሙ በበርሊን ፌስቲቫል ሲቀርብ በአገሩ «ብሔራዊ ውርደት» ተብሎ ተወገዘ። እርሱ ግን በዚያው ዓመት የራሱን ኩባንያ አቋቋመ።

ድህነቱ ስልት ሆነለት። አንዱን ፊልም በአንድ አፓርታማ ውስጥ፣ ሌላውን በአብዛኛው በሕንፃ ጣሪያ ላይ ቀረጸ። በጥቁርና ነጭ ምስል መካከል ድንገት ቀለም ይፈነዳል። ከጸሐፊው ከማሳኦ አዳቺ ጋር በወሲብ ፊልም ሽፋን ስለ ተማሪዎች ዐመፅና ስለ መንግሥት ኃይል ተናገረ። በ1971 ሁለቱ ከካን ፌስቲቫል ሲመለሱ በቤይሩት በኩል አልፈው ስለ ፍልስጥኤም ታጣቂዎች ፊልም ሠሩ።

እዚህ ላይ ግን አድናቆቴን እገታለሁ። በቺካጎ ከተፈጸመ የነርሶች ግድያ በመነሣት በ1967 የሠራውን ፊልም ስመለከት፣ የወንዱ ቁጣ የፖለቲካ ትርጉም ሲሰጠው ሴቶቹ ግን የቁጣው መግለጫ ብቻ ሆነው ይሞታሉ። የዳይሬክተሩ ነጻነት በሴቶች ገላ የተገዛ ነበር። ገበያው ያንን ገላ ባይጠይቅ ኖሮ ዋካማትሱ ካሜራ ባላገኘም ነበር። ይህ እውነት ሥራውን አይሽረውም፤ ያለ ዋጋ የተገኘ ነጻነት አድርገን እንዳናወድሰው ግን ያስገድደናል።

እርሱም የኋላ ኋላ ይህን ጥያቄ ሳያስበው አልቀረም ብዬ አምናለሁ። በ2007 ስለ ግራ ክንፍ ታጣቂ ተማሪዎች እርስ በርስ መገዳደል የሚተርክ ፊልም ሠራ፤ ለዚያም የገዛ ቤቱን በቀረጻ ላይ አፈራረሰ። በአብዮቱ ስም የተሠራው ግፍ በዚያ ፊልም ያለ ርኅራኄ ይታያል። በ2010 በ«አባጨጓሬ» ፊልሙ እጅና እግሩን አጥቶ ከጦርነት የተመለሰ ወታደር «የጦርነት አምላክ» ተብሎ ሲከበር፣ ካሜራው የሚከተለው እርሱን የምታስታምመውን ሚስቱን ነው። ተዋናይቱ ሺኖቡ ቴራጂማ በበርሊን የብር ድብ ሽልማትን ተቀበለች፤ ያው በርሊን፣ ከ45 ዓመት በኋላ።

ዋካማትሱ በ2012 በቶኪዮ ታክሲ ገጭቶት በ76 ዓመቱ ዐረፈ። ለእናንተ ለተማሪዎች የምተወው አደራ ይህ ነው፦ የአንድን ጥበብ ታሪክ ስትጽፉ ማን እንደ ደፈረ ብቻ ሳይሆን ለድፍረቱ ማን እንደ ከፈለ ጭምር መዝግቡ።