ዜና ስቴቫን ላቡዶቪች፣ የማርሻል ቲቶ ፊልም አንሺ

በ1926 ዓመት በአውሮፓውያን አቆጣጠር፣ ሰርቦችና ክሮአቶች ስሎቬኖችም በአንድ ዘውድ ሥር ሳሉ፣ በሞንቴኔግሮ ተራሮች መካከል በምትገኘው በሊም ወንዝ ዳር በበራኔ ከተማ ስቴቫን ላቡዶቪች ተወለደ። በዚህ ዜና የሚነገረው ዓመት ሁሉ በዚያው አቆጣጠር ነው።

ብላቴናውም ጕልምስና ሳይደርስ መከራ መጣ። በኤፕሪል 6 ቀን 1941 የሂትለር አውሮፕላኖች ቤልግሬድን በቦምብ አነደዱ። በዚያችው ዕለት በእኛ አገር የእንግሊዝ ጦር ጣልያን ወደ ለቀቃት ወደ አዲስ አበባ ገባ፤ ከእኛ የተነቀለው ጠላት ግን ሞንቴኔግሮን ያዘ። በጁላይ 13 ቀን የሞንቴኔግሮ ሰው ተነሣ፤ ስቴቫንም ገና በወጣትነቱ ከአርበኞች ጋር ሆነ።

ጦርነቱ አልፎ የአርበኞቹ መሪ ቲቶ አገሩን ዩጎዝላቪያን ከያዙ በኋላ፣ ወደ ቤልግሬድ ሄዶ ፊልምስኬ ኖቮስቲ በተባለው የዜና ፊልም ድርጅት ካሜራ ያዘ። በዚያ ዘመን ቴሌቪዥን ገና ስላልተስፋፋ፣ ሕዝቡ መሪውንና ዓለሙን የሚያየው በሲኒማ ቤት ከዋናው ፊልም በፊት በሚታየው ዜና ነበር። የ35 ሚሊ ሜትር ፊልም በደቂቃ 27 ሜትር ያህል ይሮጣል፤ ስለዚህ ፊልም አንሺው ምን እንደሚያስቀር ምን እንደሚተው በቅጽበት መቍረጥ አለበት፤ ያመለጠው አይመለስም። የጥንት ጸሐፌ ትእዛዝ የንጉሡን ውሎ ሲጽፍ የዘነጋውን ማታ ሊጨምር ይችል ነበር፤ ለስቴቫን ግን ማታ የሚጨመር ነገር የለም። እኔ ከሥራው ሁሉ የማደንቀው ይህን ፍርዱን ነው።

ማርሻል ቲቶም ወደ እስያና ወደ አፍሪካ በተጓዙ ጊዜ ስቴቫን ካሜራውን ይዞ ተከተላቸው፤ የቲቶ ፊልም አንሺም ተባለ። የማርሻሉ መርከብ ጋሌብ ትባል ነበር። መርከቢቱ በ1938 በጄኖቫ የተሠራችው ከጣልያን ሶማሊያ ሙዝ እንድታመላልስ ነበር። በጦርነቱ ጀርመኖች ወስደው የባሕር ፈንጂ ማኖሪያ አደረጓት፤ በሪየካ ወደብ ተመትታ ሰጠመች፤ ዩጎዝላቮች ከባሕር አውጥተው አደሷት። ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ በ1954 ዩጎዝላቪያን ጐብኝተው ነበርና፣ በ1955 ዲሴምበር ቲቶ ብድሩን ለመመለስ በጋሌብ ተሳፍረው ወደ ምፅዋ መጡ። ለቅኝ ግዛት የተሠራች መርከብ በመጨረሻ እንዲህ ላለ ጕዳይ ዋለች።

ያን ጊዜ አልጄሪያ በጦርነት ላይ ነበረች። ከኖቬምበር 1 ቀን 1954 ጀምሮ አርበኞቿ ከፈረንሳይ ጋር ይዋጉ ነበር፤ የፈረንሳይ መንግሥት ግን ጦርነት ነው አላለም፤ ጸጥታ ማስከበር ነው፣ የሚዋጉትም ወንበዴዎች ናቸው አለ። ጣልያን አርበኞቻችንን ሽፍታ እያለ መጥራቱን የሚያስታውስ ሰው የዚህ ነገር ምሬት ይገባዋል። ዩጎዝላቪያ ለአልጄሪያውያን መሣሪያ ትልክ ነበር፤ በ1958 ጃንዋሪ የፈረንሳይ ባሕር ኃይል ስሎቬንያ የተባለችውን መርከብ 150 ቶን ያህል መሣሪያ እንደጫነች ያዘ። በ1959 ደግሞ ቲቶ ስቴቫንን ላኩ።

እርሱም በቱኒዚያ ድንበር ከአልጄሪያ ጦር ጋር ኖረ። ፈረንሳዮች በድንበሩ ላይ በ5000 ቮልት ኤሌክትሪክ የታጠረ፣ በፈንጂ የተዘራ መስመር ሠርተው ነበር። ስቴቫን ከአልጄሪያ ወታደሮች ጋር በላ፣ ከእነርሱ ጋር ተጓዘ፤ ሰልፋቸውን፣ ሥልጠናቸውን፣ ቍስለኞቻቸውን፣ ድንበር ተሻግሮ የተሰደደውንም ሕዝብ አነሣ። የደንብ ልብስ የለበሰ፣ አዛዥና ማዕረግ ያለው ጦር በሸራ ላይ ሲታይ ወንበዴ ነው ማለት አይቻልም። የአልጄሪያ ነገር በየዓመቱ በተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ ይነሣ ነበርና ይህ ሥዕል ትልቅ ምስክር ሆነ። የተነሣውም ፊልም ወደ ቤልግሬድ እየተላከ ይታጠብ ነበር። ስቴቫን በዚህ ሥራ ሦስት ዓመት ያህል ቆየ። ሃያ ዓመት ሳይሞላው የራሱን አገር በጠላት እጅ ያየ ሰው ስለ ነበር፣ በሰው አገር የቆመ እንግዳ አልነበረም እላለሁ።

በ1961 ከሴፕቴምበር 1 እስከ 6 ቀን ገለልተኛ የተባሉ የ25 አገሮች መሪዎች በቤልግሬድ ለጉባኤ ተሰበሰቡ፤ ኔሩና ናስር፣ ንክሩማና ሱካርኖ፣ ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም ነበሩ። የአልጄሪያ ጊዜያዊ መንግሥት መሪ ቤን ኸዳም ከመሪዎቹ ጋር እኩል ተቀመጡ፤ በ5ኛው ቀን ዩጎዝላቪያ መንግሥታቸውን በይፋ አወቀች። በጁላይ 5 ቀን 1962 አልጄሪያ ነጻ ወጣች።

ከዚህ በኋላ ቲቶ በ1980 ዐረፉ፤ ዩጎዝላቪያም ፈረሰች። የዜና ፊልሙ ቤት ግን በቤልግሬድ ቀረ፤ የአልጄሪያም ፊልም ከዚያው ነው። አልጄሪያውያን ስቴቫንን አልረሱትም፤ በእርጅናው ዘመን እንግዳቸው አድርገው በክብር ተቀበሉት። በ2017 ኖቬምበር በቤልግሬድ ዐረፈ።

ሚላ ቱራይሊች የተባለች ሰርቢያዊት የፊልም ባለሙያ ስቴቫን ገና በሕይወት ሳለ ታሪኩን ከአፉ ሰምታ፣ ጥቅልሎቹንም ከመዝገብ ቤት አውጥታ፣ በ2022 ሁለት ፊልሞች አወጣች። የቤልግሬድ ጉባኤ ሥዕል ድምፅ አልነበረውም፤ የመሪዎቹ ንግግር በሬዲዮ መዝገብ ውስጥ ለብቻው ተቀምጦ ነበርና ሁለቱን ፈልጋ አጋጠመች። የእኛም ንጉሠ ነገሥት ከዚያ ጉባኤ ነበሩ። የኢትዮጵያ ታሪክ ጸሐፊዎች ወደዚያ መዝገብ ቤት ደብዳቤ ቢጽፉ፣ የ1954ን፣ የ1955ንና የ1961ን ጥቅልል በስሙ እየጠሩ ቢጠይቁ መልካም ነው።